አንድ ስሌት ለዲኤንኤም ለሱፐርኖቫም፦ ኤቢሲን ከዜሮ ተነስቶ የመሥራት መመሪያ

ኮስሞሎጂስቱ ሰማይ ያያል። የጂኖሚክስ ባለሙያው ዲኤንኤ ያነባል። ላይ ላዩን ሲታዩ አይገናኙም። የሚያስቸግራቸው ነገር ግን አንድ ነው፤ የሚያጠኑት ታሪክ የሆነው አንድ ጊዜ ብቻ ነው። «እስኪ ቁሱን ትንሽ ቀንሰን አጽናፈ ዓለሙን እንደገና እናስጀምረው» ማለት አይቻልም። የሰውን ልጅ 200,000 ዓመት ወደ ኋላ መልሶ እንደ አዲስ እንዲዋለድ ማድረግም አይቻልም። በእጃችን ያለው ውጤቱ ነው።

ስለዚህ ሁለቱም ያንኑ መላ ይጠቀማሉ። ታሪኩን በኮምፒውተር ሺህ ጊዜ ያስመስሉታል፤ ከዚያ የትኛው የማስመሰል ሩጫ እውነተኛውን ውጤት እንደመሰለ ያያሉ። የዚህ መላ በጣም ቀላሉ መልክ አፕሮክሲሜት ቤይዥያን ኮምፒውቴሽን ይባላል፤ ባጭሩ ኤቢሲ። ይህ መመሪያ ኤቢሲን መጀመሪያ በዲኤንኤ ላይ፣ ከዚያ በሱፐርኖቫ (ፈንድቶ በብርቱ በሚያበራ ኮከብ) ላይ ያሠራችኋል። ዋናው ስሌት አይቀየርም፤ የሚቀየረው መሃል ላይ ያለው ሲሙሌተር፣ ማለትም ታሪኩን የሚያስመስለው ፕሮግራም ነው።

ታሪኩ ራሱ ደስ ይላል። ሰው ብዙ ጊዜ ሒሳብ ከፊዚክስ ወደ ባዮሎጂ የሚወርድ ይመስለዋል። እዚህ ነገሩ ተገላቢጦሽ ነው። ሐሳቡ በ1997 በታቫሬና ባልደረቦቹ ለዘረመል ጥያቄ ቀረበ። በ1999 ፕሪቻርድና ባልደረቦቹ ለዋይ ክሮሞዞም ተጠቀሙበት። በ2002 ቦሞንት፣ ዣንግና ባልዲንግ አሁን የምንጠራበትን ስም ይዞ እንዲወጣ አደረጉ። ኮስሞሎጂስቶች ወደ እሱ የመጡት ከአሥር ዓመት በኋላ ነው፤ በ2013 ለሱፐርኖቫ መረጃ ዋለ፣ በ2015 ደግሞ ለኮስሞሎጂ ተብለው የተጻፉ ሶፍትዌሮች ወጡ። (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።)

ከመጀመራችሁ በፊት

ላፕቶፕ ካላችሁ ጥሩ። ከሌላችሁ ጎግል ኮላብ በብሮውዘር ይሠራል፤ ምንም መጫን አያስፈልግም። ቋንቋው ፓይተን፣ የምትጠሩት ላይብረሪ ነምፓይ ነው። ሒሳቡ ከሥር ማውጣት፣ ከሎጋሪዝምና ከአማካይ አያልፍም። ኮዱን እዚህ አልገለብጥላችሁም። እያንዳንዱን መስመር በቃል እናገራለሁ፣ እናንተ ትጽፉታላችሁ። እንደዚያ ሲሆን ነው የሚገባው።

የኤቢሲ ሐሳብ በአንድ አንቀጽ ይኸውላችሁ። ሰው ቤት ዶሮ ወጥ በላችሁ እንበል፤ ጣዕሙ ልዩ ነው፣ ባለቤቷ ግን አሠራሩን አልነገረቻችሁም። ቤት ገብታችሁ በርበሬውን እየቀያየራችሁ ትሠራላችሁ። ጣዕሙ የራቀውን ትተዉታላችሁ። የቀረበውን ጊዜ «በርበሬ ይህን ያህል» ብላችሁ ትጽፋላችሁ። ደብተራችሁ ላይ የተጠራቀሙት መጠኖች «የእሷ በርበሬ ከዚህ እስከዚህ ነው» ይሏችኋል። ኤቢሲም ይህንኑ ነው የሚያደርገው፤ ልዩነቱ ወጡን 100,000 ጊዜ መሥራቱ ነው።

እርምጃ 1፦ ጥያቄውን ወደ አንድ ቁጥር አውርዱ

ጀማሪ ብዙ ጊዜ የሚደናቀፈው እዚህ ነው። «የሰው ልጅ ታሪክ ምን ይመስላል?» ጥያቄ ነው፣ ግን አይሰላም።

ለዲኤንኤው የምንፈልገው ቁጥር ቴታ ይባላል። 4 ሲባዛ ዘር በመተካት ላይ የሚሳተፈው ሕዝብ ብዛት፣ ሲባዛ በአንድ ትውልድ በዚያ የዲኤንኤ ቁራጭ ላይ የሚከሰተው ሚውቴሽን (የፊደል ለውጥ) መጠን። ሕዝቡ ሲበዛ ወይም ሚውቴሽኑ ሲፈጥን ቴታ ያድጋል።

ለሰማዩ የምንፈልገው የቁስ ድርሻ ነው። አጽናፈ ዓለሙ ጠፍጣፋ ነው ብለን እንነሳ። ከጠቅላላው ኢነርጂ ምን ያህሉ ቁስ ነው? የቀረውን፣ መስፋፋቱን የሚያፈጥነውን፣ ዳርክ ኢነርጂ እንለዋለን። ድርሻው 1 ከሆነ ዳርክ ኢነርጂ የለም ማለት ነው። ከሁለት ሦስተኛ በታች ከሆነ ደግሞ የአጽናፈ ዓለሙ መስፋፋት አሁን እየፈጠነ ነው ማለት ነው። በ1998 ሁለት ቡድኖች ያስታወቁት ይህንን መፍጠን ነው፤ በ2011 ለፐርልሙተር፣ ለሽሚትና ለሪስ የፊዚክስ ኖቤል አሰጥቷል።

እርምጃ 2፦ ቅድመ ግምታችሁን ጻፉ

መረጃውን ከማየታችሁ በፊት ቁጥሩ ከየት እስከ የት ሊሆን ይችላል? ለቴታ ከ0 እስከ 20 እንውሰድ። ለቁስ ድርሻ ከ0 እስከ 1። ከዚህ ክልል ኮምፒውተሩ በራንደም እኩል ዕድል ሰጥቶ ያወጣል።

«እኩል ዕድል ሰጠሁ፣ ስለዚህ ምንም አድልዎ የለኝም» ብላችሁ ግን አትመኩ። በቴታ ላይ እኩል ዕድል መስጠትና በቴታ ሎጋሪዝም ላይ እኩል ዕድል መስጠት የተለያየ ውጤት ይሰጣሉ። መረጃው ትንሽ ሲሆን ልዩነቱ ጎልቶ ይታያል። የመረጣችሁትን ጻፉት፣ ሰው ይየው።

እርምጃ 3፦ ሲሙሌተሩን ሥሩ

ረጅሙ ክፍል ይኸው ነው። በዲኤንኤው እንጀምር።

ከ10 ሰዎች አንድ አንድ የዲኤንኤ ቁራጭ ቅጂ ወስዳችኋል። አሥሩን ጎን ለጎን ስታነቧቸው በ16 ቦታዎች ላይ ፊደሉ ይለያያል። (ቁጥሩን ለልምምድ የመረጥኩት እኔ ነኝ።) ጥያቄው፦ 16 የሚሰጠን ቴታ ስንት ነው?

ወደ ፊት ማስመሰል ያደክማል፤ እያንዳንዱን ሰው፣ እያንዳንዱን ልጅ መከተል ሊኖርባችሁ ነው። ኪንግማን በ1982 ያሳየው መንገድ ወደ ኋላ መሄድ ነው። አሥሩ ቅጂዎች ወደ ኋላ ሲሄዱ ሁለት ሁለቱ እየተገናኙ የጋራ አያት ያገኛሉ። አሥሩ ዘጠኝ ይሆናሉ፣ ዘጠኙ ስምንት፣ እንዲህ እያለ አንድ እስኪቀር። ሲሙሌተሩ የሚያስፈልገው ይህንን የትውልድ ዛፍ ነው፤ ሌላው ሕዝብ አያስፈልገውም።

እንዲህ አድርጉት።

ከ10 ጀምሮ እስከ 2 ወደ ታች ቁጠሩ። በእያንዳንዱ ቁጥር ላይ አማካዩ 2 ÷ (ቁጥር × (ቁጥር − 1)) የሆነ የኤክስፖኔንሻል ራንደም ጊዜ አውጡ። ያንን ጊዜ በቁጥሩ አባዙትና ወደ ጠቅላላ ርዝመት ደምሩት። ቁጥሩ 2 ላይ ሲያልቅ የዛፉ ጠቅላላ ርዝመት በእጃችሁ ነው። ከዚያ ቴታ × ርዝመት ÷ 2 አማካዩ የሆነ የፖይሰን ራንደም ቁጥር አውጡ። ይህ የሚውቴሽን ብዛት ነው፤ ከእውነተኛው 16 ጋር የምታወዳድሩትም እሱን ነው።

ጊዜዎቹን አንዴ በዓይናችሁ እዩአቸው። አሥር መስመር ሲኖር የመጀመሪያው መገናኘት በአማካይ 0.022 ጊዜ ይፈጃል (1 ጊዜ ማለት የሕዝቡ ብዛት ሁለት እጥፍ ያህል ትውልድ ነው)። ሁለት መስመር ብቻ ሲቀር ግን በአማካይ 1 ሙሉ ይፈጃል። የዛፉ አማካይ ቁመት 1.8 ነው። ማለትም ከታሪኩ ከግማሽ በላይ የሚሆነው ሁለቱ የመጨረሻ መስመሮች እስኪገናኙ መጠበቅ ነው። ይህንን ያዙልኝ፣ እርምጃ 5 ላይ ያስፈልገናል።

አሁን ሰማዩ።

ዓይነት አንድ-ኤ ሱፐርኖቫ የብርሃን መጠኑ ይታወቃል ማለት ይቻላል። ስለዚህ ደብዝዞ ከታየ ሩቅ ነው። ምን ያህል ሩቅ እንደሚሆን ደግሞ ሬድሺፍቱና የቁስ ድርሻው ይወስናሉ። ሬድሺፍት ማለት ብርሃኑ በጉዞ ላይ እያለ አጽናፈ ዓለሙ በመስፋፋቱ ምን ያህል ወደ ቀይ እንደተሳበ የሚናገር ቁጥር ነው።

ርቀቱን ለማስላት ከ0 እስከ ሬድሺፍቱ ያለውን ክልል 100 ቦታ ቁረጡት። በየቁራጩ መሃል ላይ (1 + ሬድሺፍት) × (1 + ሬድሺፍት) × (1 + ሬድሺፍት) አስሉ፣ በቁስ ድርሻው አባዙት፣ (1 − የቁስ ድርሻ) ደምሩበት። ካሬ ሥሩን አውጡ። 1ን ለእሱ አካፍሉ። በቁራጩ ስፋት አባዙት። መቶውን ደምሩ። ድምሩን በ(1 + የሱፐርኖቫው ሬድሺፍት) አባዙ፣ ከዚያ በ4,283። የመጨረሻዋ ቁጥር የብርሃን ፍጥነት ለሐብል ቁጥር (አጽናፈ ዓለሙ አሁን ለሚሰፋበት ፍጥነት) ተካፍሎ የመጣች ናት፤ የሐብል ቁጥሩን 70 አድርጌዋለሁ። ርቀቱ በሜጋፓርሴክ ወጣላችሁ (አንዱ 3.26 ሚሊዮን የብርሃን ዓመት ያህል ነው)። ወደ ማግኒቲዩድ (ቁጥሩ ሲጨምር መደብዘዝን ወደሚያሳየው የብርሃን መለኪያ) ለመለወጥ የርቀቱን ሎጋሪዝም (ቤዝ 10) በ5 አባዝታችሁ 25 ጨምሩ።

ኮዳችሁ ልክ መሆኑን በዚህ ፈትሹት። ሬድሺፍት 0.5፣ የቁስ ድርሻ 0.3 ስትሰጡት 2,833 ሜጋፓርሴክና 42.26 ማግኒቲዩድ ገደማ መስጠት አለበት። የቁስ ድርሻውን 1 ስታደርጉት 41.86። የ0.40 ማግኒቲዩድ ልዩነት ማለት ዳርክ ኢነርጂ ባለበት ዓለም ያው ሱፐርኖቫ 31 በመቶ ያህል ደብዝዞ ይታያል ማለት ነው። የ1998ቱ ግኝት ሲጨመቅ ይህች ናት፤ ሱፐርኖቫዎቹ ከተጠበቀው በላይ ደበዘዙ።

አሁን በሬድሺፍት 0.05 ላይ 50፣ በ0.5 ላይ 50 ሱፐርኖቫ አስመስሉ። በእያንዳንዱ ማግኒቲዩድ ላይ ስፋቱ (ስታንዳርድ ዴቪዬሽኑ) 0.15 የሆነ የኖርማል ራንደም ስህተት ጨምሩ። ምክንያቱም አንድ-ኤዎቹ እርስ በርስ ፍጹም አንድ ዓይነት አይደሉም።

እርምጃ 4፦ መረጃውን ወደ ማጠቃለያ ቁጥር ጨምቁ

ሁለቱ ሙያዎች በጣም የሚመሳሰሉት እዚህ ላይ ይመስለኛል። ሁለቱም በመረጃ ብዛት ይጥለቀለቃሉ። ሁለቱም ያንን ብዛት ወደ ጥቂት ቁጥሮች ይጨምቃሉ። ሁለቱም ጭማቂውን ስፔክትረም ይሉታል።

የፕላንክ ሳተላይት የሳለው፣ ከቢግ ባንግ የቀረው ብርሃን ሙቀት የሰማይ ካርታ 50 ሚሊዮን ያህል ፒክስል አለው። ኮስሞሎጂስቶች ወደ 2,500 ገደማ ቁጥሮች ያወርዱታል። እያንዳንዱ ቁጥር በዚያ የማዕዘን ስፋት ላይ የሙቀቱ መዋዠቅ ምን ያህል ብርቱ እንደሆነ ይናገራል። ይህ የኃይል ስፔክትረም ነው። በዲኤንኤ በኩል ደግሞ የድግግሞሽ ስፔክትረም አለ። ከ10 ቅጂዎች ውስጥ በአንዱ ላይ ብቻ የታየ ሚውቴሽን ስንት ነው? በሁለቱ ላይ የታየስ? እንዲህ እስከ ዘጠኝ። የሕዝቡ ብዛት ሳይለወጥ ከኖረና የተፈጥሮ ምርጫ ካልነካው፣ ሁለት ላይ የታየው አንድ ላይ ከታየው ግማሽ፣ ሦስት ላይ የታየው ሲሶ ይሆናል። አንድ ላይ ብቻ የሚታዩት ከዚህ በላይ ከበዙ ሕዝቡ በቅርብ ጊዜ አድጓል ብላችሁ መጠርጠር ትችላላችሁ።

ሌላም ማጠቃለያ ቁጥር አለ፣ እኛ አገር የሚነካ። የሰው ልጅ የዘረመል ልዩነት ከምሥራቅ አፍሪካ በራቁ ቁጥር እየቀነሰ ይሄዳል። በ2005 እና በ2008 የወጡት ታዋቂ ጥናቶች ይህን ሲስሉ የርቀቱ ዜሮ ያደረጉት አዲስ አበባን ነው። በዓለም ዙሪያ ያለ ሕዝብ ሁሉ ከአዲስ አበባ በስንት ኪሎ ሜትር ርቀት ላይ እንዳለ የሚያሳይ ግራፍ ታገኛላችሁ።

ለልምምዳችን ግን አንድ አንድ ቁጥር ይበቃል። ለዲኤንኤው ፊደል የሚለያይባቸው ቦታዎች ብዛት፣ 16። ለሰማዩ የሩቆቹ አማካይ ማግኒቲዩድ ሲቀነስ የቅርቦቹ አማካይ።

ለምን ቅናሹን? ሱፐርኖቫ በትክክል ስንት እንደሚያበራና የሐብል ቁጥር ስንት እንደሆነ እርግጠኛ ካልሆናችሁ፣ ስህተቱ ሩቁንም ቅርቡንም እኩል ይገፋል። ስትቀንሱት ይጣፋል። 70ን ያለ ጭንቀት ያስገባሁት ለዚህ ነው። የሐብል ቁጥር 67 ነው ወይስ 73 የሚለው የዛሬ ዘመን ክርክር እዚህ አይነካንም። ጥሩ ማጠቃለያ ቁጥር የምትፈልጉትን ይዞ የማትፈልጉትን ይጥላል።

ቅናሹ የቁስ ድርሻው 0 ሲሆን 5.77፣ 0.3 ሲሆን 5.53፣ 1 ሲሆን 5.18 ነው። የልምምድ መረጃችን 5.53 ይሁን።

አንድ ማስጠንቀቂያ። «ብዙ ማጠቃለያ ቁጥር ባስገባ ይሻላል» አትበሉ። ሁለት ቁጥር እንዲቀርብ መጠየቅ ከአንድ ይከብዳል። ሃያ ቁጥር በአንዴ እንዲቀርብ ከጠየቃችሁ የሚያልፍ ሩጫ አታገኙም።

እርምጃ 5፦ አስሩጡት፣ ጣሉ፣ ያዙ

ቀለበቱ ለሁለቱም አንድ ነው። ከቅድመ ግምቱ ቁጥር አውጡ። ሲሙሌተሩን አስሩጡ። ማጠቃለያ ቁጥሩን አውጡ። ከእውነተኛው ጋር ያለውን ርቀት ለኩ። ከገደቡ በታች ከሆነ ቁጥሩን ያዙ፣ ካልሆነ ጣሉ። 100,000 ጊዜ ድገሙ። በስተመጨረሻ የያዛችኋቸውን በሂስቶግራም ሳሉ።

ለዲኤንኤው ገደቡን 1 አድርጉ፤ 15፣ 16 ወይም 17 የሰጠውን ያዙ። ለሱፐርኖቫው ገደቡ 0.02 ማግኒቲዩድ ይሁን። በሁለቱም ከመቶው 6 ያህሉ ያልፋል፣ ማለትም 6,000 ገደማ ቁጥር ይቀራችኋል። መመሳሰሉ አጋጣሚ ነው፤ የመረጥኳቸው ቁጥሮች ያመጡት።

የሱፐርኖቫው ሂስቶግራም ጠባብ ጉብታ ነው። መሃሉ 0.3 ላይ፣ ስፋቱ 0.05 ገደማ። ከሁለት ሦስተኛ በላይ የወደቀ ስንት አለ? ብትፈልጉ አንድም አታገኙም። በመቶ የልምምድ ሱፐርኖቫ «መስፋፋቱ እየፈጠነ ነው» አላችሁ ማለት ነው። እውነተኛውን መረጃ ለመሞከር ፓንቴዎን ፕላስ የሚባለው የ2022 ስብስብ በነጻ ይገኛል፤ 1,550 ሱፐርኖቫዎች አሉት። ባለሙያዎቹ ከእሱ ያወጡት የቁስ ድርሻ 0.334 ነው፣ ስህተቱ 0.018።

የዲኤንኤው ሂስቶግራም ግን ሌላ ነገር ነው። ጫፉ 6 አካባቢ ነው፤ ቁጥሮቹን ለሁለት እኩል የሚከፍለው ነጥብ 7 ተኩል አካባቢ። ጅራቱ ወደ ቀኝ ተንዘላዝሎ አብዛኛው ከ3 እስከ 17 ገደማ ይበተናል። የዋተርሰን ቀመር የሚባለው የወረቀት ስሌት 16 ÷ 2.829 = 5.66 ይላችኋል (2.829 የ1 + 1/2 + 1/3 እስከ 1/9 ድምር ነው)። እሱ አንድ ቁጥር ሰጥቶ ዝም ይላል፤ ኤቢሲ ምን ያህል እንደማናውቅ ጭምር ያሳያል።

ለምን ይህን ያህል ተበተነ? ሁለት ያለፉ ሩጫዎችን ጎን ለጎን እንይ። በአንዱ ቴታ 8.3 ወጣ፣ የዛፉ ርዝመት 4.1 ሆነ፣ አማካዩ 17፣ ፖይሰኑ 15 ሰጠ። አለፈ። በሌላው ቴታ 3.2 ብቻ ነው፣ ግን የመጨረሻዎቹ ሁለት መስመሮች ሳይገናኙ ብዙ ቆይተው ርዝመቱ 10.4 ደረሰ። አማካዩ 16.6፣ ፖይሰኑ 16። ይህም አለፈ። ትንሽ ሕዝብ ከረጅም ዛፍ ጋርም፣ ትልቅ ሕዝብ ከአጭር ዛፍ ጋርም ያንኑ ቁጥር ሊሰጡ ይችላሉ። እውነተኛው ዛፍ የትኛው እንደነበረ ከ16 ብቻ ማወቅ አይቻልም።

«ታዲያ ብዙ ሰው ልጨምር» ትሉ ይሆናል። ብዙም አይረዳም። ቴታ 6 ቢሆን በ10 ቅጂ የዋተርሰን ግምት ስህተት 3.0 ነው። ቅጂውን 100 ብታደርሱት 1.8 ይሆናል። ተጨማሪዎቹ ዘጠና ሰዎች የዛፉ ጫፍ ላይ ትንንሽ ቅርንጫፍ ይጨምራሉ እንጂ ግንዱን አይቀይሩትም። በዚህ ፈንታ ያው 10 ሰዎች ላይ ከጂኖማቸው (ከሙሉ ዲኤንኤያቸው) እርስ በርስ የማይነካኩ 10 ቦታዎችን ብታነቡ ስህተቱ 0.95 ይወርዳል። እያንዳንዱ ቦታ የራሱ ዛፍ ስላለው ታሪኩ አሥር ጊዜ እንደተደገመ ይቆጠራል።

ኮስሞሎጂስቱ ሲቀና የሚቀናው በዚህ ነው። የእሱ ሰማይ አንድ ነው። በካርታው ላይ ትልልቆቹ መዋዠቆች ጥቂት ስለሆኑ የኃይል ስፔክትረሙ የመጀመሪያ ቁጥሮች ስህተት በምንም መሣሪያ አይወርድም። ኮስሚክ ቫሪያንስ ይሉታል። ለመጀመሪያው፣ ማለትም ለኳድሩፖሉ፣ ስህተቱ 63 በመቶ ነው። ነገ አሥር እጥፍ የተሻለ ሳተላይት ቢመጠቅ ያው 63 ነው።

እርምጃ 6፦ ገደቡን አጥብቡ፣ አስፉ፣ እዩ

በዲኤንኤው ገደቡን 5 ብታደርጉት ሃያ ሁለት በመቶ ያህሉ ያልፋል። 0 ብታደርጉት ሁለት በመቶ። በሱፐርኖቫው ከ0.02 ወደ 0.1 ብታሰፉት የሚያልፈው ሠላሳ በመቶ ገደማ ይሆናል፤ የመልሱ ስህተት ግን ከ0.05 ወደ 0.1 ገደማ ያድጋል። ሰፊ ገደብ መልሱን ያጨማልቃል። የምትፈልጉት ገደቡን የበለጠ ስታጠቡ ሂስቶግራሙ መለወጥ የሚያቆምበትን ቦታ ነው። እዚያ ቁሙ።

እርምጃ 7፦ መልሱን በምታውቁት ነገር ፈትሹ

ይህን ብዙ ሰው ይዘለዋል፣ አትዝለሉት። መቶ የተለያዩ የቴታ ቁጥሮች ከቅድመ ግምታችሁ አውጡ። በእያንዳንዱ የውሸት መረጃ አስመስሉ፣ ከዚያ እውነቱን እንደማያውቅ ሰው ኤቢሲ አስኪዱበት። ዘጠና በመቶውን የሚይዘውን ክልል አውጡ። ከመቶው ውስጥ ወደ ዘጠና በሚጠጋው እውነተኛው ቁጥር ክልሉ ውስጥ መገኘት አለበት። ስልሳ ላይ ብቻ ከተገኘ ኮዳችሁ ውስጥ የሆነ ነገር አለ። መቶውም ላይ ከተገኘ ገደባችሁ ሰፍቷል።

እርምጃ 8፦ ሲሙሌተሩ የማያውቀውን ፈልጉ

እርምጃ 7 የማይይዘው ስህተት አለ። ሲሙሌተራችሁ ውስጥ ያልገባ ነገር በጭራሽ ሊያሸንፍ አይችልም። ኤቢሲ ከሰጣችሁት ውስጥ የተሻለውን ይመርጣል፤ «ሁሉም ልክ አይደሉም» ብሎ አይጮህም።

ለሱፐርኖቫው ተጠርጣሪው አቧራ ነው። ሱፐርኖቫው የደበዘዘው በርቀት ሳይሆን መሃል ላይ ባለ አቧራ ቢሆንስ? ከ1998ቱ ግኝት በኋላ ይህ በቁም ነገር የቀረበ ክርክር ነበር። ለዲኤንኤው ተጠርጣሪው የሕዝብ ብዛት መዋዠቅ ነው። የእኛ ሲሙሌተር ሕዝቡ ሁልጊዜ እኩል ነው ይላል፤ ሕዝቡ አንድ ዘመን ተመናምኖ መልሶ ቢያንሰራራ አያውቅም።

ከሁለቱም ሙያ አንድ አንድ እውነተኛ ታሪክ ላምጣ። በማርች 2014 ደቡብ ዋልታ ላይ ያለው ባይሴፕ2 የተባለ ቴሌስኮፕ ቡድን ከአጽናፈ ዓለሙ መጀመሪያ የመጣ የግራቪቴሽን ሞገድ አሻራ አገኘን አለ። ዓለም ተንጫጫ። በ2015 መጀመሪያ ከፕላንክ መረጃ ጋር ተጋጥሞ ሲታይ የራሳችን ጋላክሲ አቧራ ድርሻ ከገመቱት በላይ ሆኖ ተገኘ፤ ግኝቱ ተነነ።

በዚያው 2015 ከጋሞ ደጋ፣ ከሞታ ዋሻ የተገኘ የ4,500 ዓመት ሰው ሙሉ ጂኖም ታተመ። ከአፍሪካ የተገኘ የመጀመሪያው ጥንታዊ ጂኖም ነበር። ጥናቱ ከምዕራብ ዩሬዥያ ተመልሶ የገባ የዘር ግንድ በመላው አፍሪካ ተሰራጭቷል ሲል ደመደመ። በ2016 ግን እርማት ወጣ። የአንዱን ፕሮግራም ውጤት ለሌላው የሚመች አድርጎ የሚቀይር ስክሪፕት ሳይሮጥ ቀርቶ ነበር። በዚህ ምክንያት የሞታው ሰው ከማመሳከሪያው ጂኖም ጋር የተስማማባቸው ቦታዎች እንደሌሉ ተቆጥረው ተጣሉ። ስክሪፕቱ ሲሮጥ ወደ ምሥራቅ አፍሪካ የተመለሰው ፍልሰት ጸንቶ ቀረ፣ «በመላው አፍሪካ» የሚለው ወደቀ። ጂኖሙ ራሱ ምንም አልሆነም፣ ዛሬም ለማመሳከሪያ ያገለግላል።

ስለዚህ ሁለት ነገር አድርጉ። አንደኛ፣ መረጃ ከአንድ ፕሮግራም ወደ ሌላ ባለፈ ቁጥር የመስመሮቹን ብዛት ቁጠሩ። ገብቶ የወጣው እኩል ነው? ሁለተኛ፣ ከያዛችኋቸው ቁጥሮች ጥቂቱን መልሳችሁ ሲሙሌተሩ ውስጥ አስገቡና ያልተጠቀማችሁበትን ማጠቃለያ ቁጥር አውጡ። ለምሳሌ አንድ ቅጂ ላይ ብቻ የታዩትን ሚውቴሽኖች። ለዚህ ሲሙሌተሩ ሚውቴሽኑ በየትኛው ቅርንጫፍ ላይ እንደወደቀ መያዝ አለበት፣ ትንሽ ሥራ ይጨምራል። ከእውነተኛው መረጃ ጋር ካልተስማማ አንድ ያልጨመራችሁት ነገር አለ።

ከዚህ በኋላ

የምትፈልጓቸው ቁጥሮች አምስት ስድስት ሲደርሱ ይህ የመጣልና የመያዝ ዘዴ ያንቃል። የመጀመሪያው ማሻሻያ የቦሞንት ቡድን በ2002 ያመጣው ነው፤ ያለፉትን ሩጫዎች በሪግሬሽን ወደ እውነተኛው ማጠቃለያ ቁጥር ማስጠጋት። በአሥር መስመር ኮድ ይገባል፣ ገደቡን ሰፋ አድርጋችሁም እንድትሠሩ ያስችላችኋል። ሁለተኛው ከመላው ቅድመ ግምት ከማውጣት ይልቅ ካለፉት ቁጥሮች አካባቢ እያወጡ ገደቡን ደረጃ በደረጃ ማጥበብ ነው። ሦስተኛው ኒውራል ኔትወርክ ነው፤ ዛሬ ሁለቱም ሙያዎች ወደዚያ እየሮጡ ነው። እኔ ግን የመጀመሪያውን ሳይሠሩ ሦስተኛው ላይ መዝለልን አልመክርም። ኔትወርኩ ሲሳሳት በልበ ሙሉነት ነው የሚሳሳተው፤ የሚያጋልጠው እርምጃ 7 ነው።

ሥራችሁ ከአንድ ጥያቄ ወደ ሚሊዮን ጥያቄ ከሰፋ ደግሞ ሌላ የጋራ መሣሪያ ያስፈልጋችኋል። በጂኖሙ ላይ ሚሊዮን ቦታ ስትፈትሹ በአጋጣሚ ብቻ ብዙ «ግኝት» ይመጣል። ስለዚህ የጂኖም ሰዎች 0.05ን ለሚሊዮን አካፍለው 0.00000005 ላይ ቆመዋል። ለስለስ ያለው አማራጭ ቤንጃሚኒና ሆክበርግ በ1995 ከቴል አቪቭ ዩኒቨርሲቲ ያወጡት የሐሰት ግኝት መጠን ስሌት ነው። በ2001 የአስትሮፊዚክስ ሰዎችም ወሰዱት። አሠራሩ አጭር ነው፤ ፒ-ቫልዩዎቹን (ምንም እውነተኛ ነገር ባይኖር እንዲህ ያለ ውጤት በአጋጣሚ የሚመጣበትን ዕድል) ከትንሽ ወደ ትልቅ ደርድሩ፣ እያንዳንዱን ከ0.05 × ተራ ቁጥሩ ÷ ጠቅላላ ብዛት ጋር አስተያዩ፣ ከመስመሩ በታች የሚውለውን የመጨረሻውን ፈልጉ፣ እሱንና ከእሱ በፊት ያሉትን ሁሉ ያዙ።